ሙት የሌለበት ፍትሐት

ጀርመን አገር ክፍል ገብቼ ስለ ዜማ ትርጉም በማስተምርበት ሰዓት ታናሽ ወንድሜ ከደባርቅ ደወለ።

«እታለም፣ የኔታ ዕንባቆም ዐረፉ። ትናንት ዳባት ተቀበሩ።»

አማተብሁ። ተማሪዎቼን አሰናበትሁና ብቻዬን ቁጭ አልሁ።

የዜማ ጥናት ሥራዬን የጀመርሁት ዳባት፣ በእኒህ የድጓ መምህር ደጅ ነው። የጥናቴ ጥያቄ አንድ ነበር፤ ኀዘን ያለው ዜማው ውስጥ ነው ወይስ ሰሚው ልብ ውስጥ? በመጀመሪያው ቀን ድምፅ መቅጃ ቴፕ ተሸክሜ ስደርስ የኔታን በተማሪዎቻቸው ተከበው አገኘኋቸው።

«ይቺ ደግሞ የማን ተማሪ ናት?» አሉ ወደ ቴፑ እያዩ።

«የእኔ ናት፣ የኔታ።»

«ከእነዚህ ትሻላለች። አንዴ የሰማችውን አትረሳም።»

ተማሪዎቹ ሳቁ። ሥራችን እንዲህ ተጀመረ።

ሦስቱን የዜማ ስልቶች፣ ግዕዙን፣ ዕዝሉን፣ አራራዩን አዜሙልኝ። ድፋት የሚባለው ምልክት ያለበት ላይ ሲደርሱ ድምፃቸው ወደ ታች ይወርዳል። ኀዘኑ እዚህ ነው ብዬ ተከራከርኋቸው።

«ድፋትማ በትንሣኤም አለ። ያን ዕለት ማን ሲያለቅስ አየሽ?»

«በቀብር ግን ሌላ ነው፣ የኔታ።»

«ሰምተሻል?»

እናቴ የተቀበረች ዕለት ቀብሯ ላይ ነበርሁ፤ ግን እያለቀስሁ ስለ ነበር ዜማው ትዝ አይለኝም።

ስለዚህ ለሙት የሚዜመውን ፍትሐት እንዲያዜሙልኝ ለመንኋቸው።

«ሙት በሌለበት ማንን ልፍታ? ጎረቤቴ እመት ጥሩነሽ ታምማለች። ድምፄን ከሰማች ለእኔ ነው ብላ ዛሬውኑ ትሞትብኛለች!»

አማካሪዬ ፕሮፌሰር በስልክ፣ «በር ዘግታችሁ ቅዱት» አሉኝ። ነገሩን ለየኔታ ነገርኋቸው።

«ሰዉ አይሰማ እሺ። እግዜርስ ማን ሞተ ብሎ ቢጠይቀኝ ምን እላለሁ?» ቀጥለውም ፈገግ አሉ። «የእኔን ጠብቂ፣ ልጄ። ያን ዕለት አልከለክልሽም።»

በሰው ቀብር ላይ ቴፕ ይዞ መቆም እኔም አልደፈርሁም። ስለ ፍትሐት የጻፍሁት ምዕራፍ ያለ ድምፅ ቀረ። ፕሮፌሰሩ «ጎዶሎ ነው» አሉ። «አዎ፣ ጎዶሎ ነው» አልኋቸው፤ ሳይደሰቱ አሳለፉልኝ።

ከዚያ ወዲህ ብዙ ዓመት አስተማርሁ፤ እየተመላለስሁም ከየኔታ ጋር ተከራከርሁ። እኔም እርሳቸውም አልተረታንም። ያ ዕለት ሲመጣ ግን እኔ ባሕር ማዶ ነበርሁ።

ለዚህ ሙያ አዲስ ለሆናችሁ የምለው ይህን ነው፤ ዜማ የሚጠናው በሚዜምበት ቀን፣ በሚዜምበት ቦታ ተገኝቶ ነው።

ዳባት በቀብሩ ላይ የነበራችሁ ካህናትና ምእመናን፣ የድምፅ ቅጂ አልጠይቃችሁም። ለየኔታ ፍትሐቱ ሲዜም፣ ድፋቱ ላይ ሲደረስ ድምፁ እንደ ትንሣኤው ነበር ወይስ ሌላ? ያለቀሰ ሰው አይመልስልኝ፤ እንደማይሰማ አውቃለሁ። ከመካከላችሁ እንባውን የያዘ አንድ ሰው ካለ ግን እባካችሁ ይንገረኝ።