ራሱን የነቀነቀው ካሜራ

ይህ ፊልም ያስወጣኝ ቡታጅራ የነበረችኝን የብርድ ልብስ ሱቅና የአማቴን ሰላምታ ነው። ሱቋን ሸጬ ካሜራ ገዛሁ። አማቴ የዚያን ሰሞን ሰላምታቸውን አቋረጡ። አልፈረድኩባቸውም፤ እኔም ብሆን ልጄን ለካሜራ ያዥ አልድርም።

የገባሁበት ዓይነት ዘጋቢ ፊልም ሕጉ አጭር ነው፦ አትጠይቅ፣ አትናገር፣ የሌለህ ምሰል። ደንበኛ በጠፋበት ሱቅ ዝም ብዬ ሰው ሳይ ስለኖርኩ፣ ልምዱ አለኝ አልኩ።

እንሴኖ አጠገብ ለመስቀል ሰንጋ የሚያደልቡ አንድ ሽማግሌ ነበሩ። ክረምቱን ከበሬያቸው ጋር ቀረጽኳቸው። እንግዳ ቆሞ እያየ ዝም ማለት ግን ነውር ሆነባቸው። «ቁጭ በል እንጂ! ቆጮ ቅመስ!» ይላሉ፣ ካሜራውን አፍጥጠው እያዩ። የቀረጻው ግማሽ እኔን ሲጋብዙ ነው።

አዲስ አበባ ያለ አንድ የፌስቲቫል ፊልም መራጭ የቀረውን አየና «ሽያጩን በደንብ ካወጣኸው እናሳየዋለን» አለኝ። ሱቄን የሸጥኩት እንዲህ ያለች ቃል ለመስማት ነበር።

የገበያው ቀን፣ ለበዓል ከአዲስ አበባ የገቡ ሰዎች ለቅርጫ ሊገዙት በሬውን ከበቡ። ደላላው የሽማግሌውን እጅ ያዘ።

«አባባ፣ ከዚህ በላይ የሚሰጥዎት ከተገኘ እኔ ልታረድ!»

«አንተን ማን ይበላሃል? አጥንት!»

ሰዉ ሳቀ። ሽማግሌው ግን ደክሟቸዋል። የተጠራው ዋጋ ለወይፈን እንኳ ያንሳል። ገመዱን ሊያስረክቡ ሲሉ ወደ እኔ ዞሩ።

«አንተ ነጋዴ ነህ። ይሸጣል?»

አፌን ያዝኩ። ሽማግሌ ጠይቆ ዝም ማለት ግን ያደግኩበት አይደለም፤ ራሴን ነቀነቅኩ። ካሜራው ትከሻዬ ላይ፣ ጉንጬ ሥር ስለነበረ አብሮኝ ተነቀነቀ። በቀረጻው ላይ በሬው፣ ደላላው፣ ገበያው በሙሉ ግራ ቀኝ እያለ እምቢ አለ።

ሽማግሌው ገመዱን መልሰው ሳቡ። «አየህ?» አሉት ደላላውን። ገዢዎቹ ጨመሩ። ደህና አድርገው ጨመሩ።

ፊልሙ ሲያልቅ መራጩ ደወለ።

«ሁሉም ጥሩ ነው። የተወዛወዘችዋን ቁረጣት።»

«እሷ ከተቆረጠች ዋጋው ለምን ጨመረ?»

«ተመልካች እሱን አይጠይቅም።»

«የእኛ ሰፈር ተመልካች የሚጠይቀው እሱን ብቻ ነው።»

አልቆረጥኩም፤ አዲስ አበባም አልታየም። ወልቂጤ አንድ አዳራሽ ተከራይቼ አሳየሁት። አማቴ ከኋላ ተቀምጠው አዩት። ሲያልቅ መጡና፣ በሬው በመጨረሻ በስንት እንደሄደ ጠየቁኝ። ነገርኳቸው።

«አሁንም ረክሷል» አሉ። «ለመሆኑ ደህና ነህ?»

ሰላምታው ተመልሷል። ሱቋ አልተመለሰችም።