የሦስት ጣት ክፍተት

ቤኑኤል ኤሽ መኪና ሲነዳ አያወራም። ዘጠኝ ዓመት አጠገቡ ተቀምጫለሁና አውቀዋለሁ። ጠዋት ጠዋት ፊላደልፊያ ውስጥ አገር ጎብኚ እንግዶቹን የማዞራቸው እኔ ነኝ። ድንጋይ የተነጠፈባቸውን ጠባብ መንገዶች፣ ነፃነት የታወጀበትን አዳራሽ፣ የተሰነጠቀውን ደወል አሳያለሁ፤ እለፈልፋለሁ፤ ጫማው የላጠውን አባብላለሁ። ረፋዱ ላይ አሥራ ሁለት ሰው በምትይዘው መኪናችን ታጭቀን ወደ ላንካስተር፣ መኪናና መብራት ትተው እንደ ጥንቱ በፈረስ ጋሪ ወደሚኖሩት ክርስቲያኖች፣ ወደ አሚሾቹ አገር ስንነሣ ተራው የእሱ ነው። እሱ ደግሞ ካልጠየቁት አይናገርም።

መሥሪያ ቤታችን አንድ ሰሞን እንደ አሚሾቹ የገለባ ባርኔጣ አድርጎ፣ ማንገቻ ያለው ሱሪ ለብሶ እንዲነዳ ጠይቆት ነበር፤ እንግዶች ይወዱታል ተብሎ። "ያወለቅሁትን ልብስ ለደሞዝ ብዬ አልለብስም" አለ። ኃላፊው ቀልድ መስሎት ሳቀ።

ቀልድ አልነበረም። ቤኑኤል የተወለደው እዚያው፣ መኪናችን በምታልፍበት መንገድ ዳር ካለ እርሻ ላይ ነው። በአሥራ ዘጠኝ ዓመቱ እንደ ወጉ በገዛ ፈቃዱ ተጠመቀ። በሃያ አራት ዓመቱ ጆአን የምትባል የከተማ ነርስ አገባና ወጣ። ሳይጠመቅ ወጥቶ ቢሆን ማንም ምንም አይለውም ነበር። ተጠምቆ የወጣ ግን ቃሉን ያፈረሰ ነው፤ ይወገዛል። የተወገዘን ሰው ሰላም ይሉታል፣ ስለ ዝናቡም ስለ ላሟም ያወሩታል፤ ከእጁ ግን ዕቃ አይቀበሉም፣ በሚነዳው መኪና አይሳፈሩም፣ በአንድ ገበታም አብረውት አይበሉም። ይህ ከሆነ ሃያ ስምንት ዓመቱ ነው።

መመለሻው አንድ ነው፤ ጉባኤው ፊት ተንበርክኮ በድያለሁ ማለት። ጆአን ከሞተች ከዓመት በኋላ እኔው ነገር ወዳዷ ጀመርሁት። "ታዲያ ተንበርከክና ግባ እንጂ፣ ጉልበትህ ወርቅ ነው እንዴ?" አልሁት።

ዓይኑን ከመንገዱ አልነቀለም። "በደሌ ምንድን ነው ሲሉኝ እሷን ማግባቴ ነው ልል ነው፣ ሎሬታ" አለኝ። "ሞታለች ብዬ እንዲህ ልበልባት?"

ከዚያ ወዲህ በዚህ ጉዳይ አፌን ዘጋሁ። እጄን ግን አልሰበሰብሁም፤ ጣጣው የመጣውም በእጄ ነው።

አባቱ በሕይወት ሳሉ ቤኑኤል የዚያን ቤት ደጃፍ አልረገጠም። አባትየው አርፈው እናቱ እማማ ላቪና ከታናሽ ልጃቸው ከኢላም ቤት ጎን በተቀጠለች ትንሽ ቤት ለብቻቸው ሲቀሩ፣ ለእንግዶች ምሳ ማብላት ጀመሩ። መሥሪያ ቤታችን ያንን ቤት ሲመርጥ የማን እናት እንደሆኑ አላወቀም። ቤኑኤልም ትንፍሽ አላለም።

የመጀመሪያውን ቀን አልረሳውም። እሳቸው በር ላይ ቆመው ነበር። ልጃቸው ከመኪናው ሲወርድ አዩት፤ እጃቸውን በሽርጣቸው ጠረጉ፤ "ሊዘንብ ነው መሰለኝ" አሉት። እሱም ቀና ብሎ አየና "ቢዘንብም እስከ ማታ ይቆያል" አላቸው። ሰላምታው ይኸው ነበር። እንግዶቹ በረጅሙ ገበታ ሲደረደሩ ለእሱ መስኮቱ ሥር አንዲት ትንሽ ጠረጴዛ ተዘጋጅታለታለች። ሹፌሩ ለምን ለብቻው ይበላል ብላ አንዲት እንግዳ ብትጠይቀኝ፣ ጸጥታ ይወዳል ብዬ ዋሸሁ።

በሁለተኛው ዓመት ያቺ ጠረጴዛ ከመስኮቱ ሥር ተነሥታ ወደ መሐል መጣች። ማን እንዳመጣት ማንም አላነሣም። በሦስተኛው ዓመት ደግሞ ከረጅሙ ገበታ ጫፍ ልትገጥም ሦስት ጣት ሲቀራት ቆመች፤ በሁለቱም ላይ አንድ ወጥ ነጭ ጨርቅ ተዘረጋባቸው። ላየው ሰው አንድ ገበታ ነው። እማማ ላቪና ረጅሙ ገበታ ጫፍ ላይ፣ ቤኑኤል ከክፍተቷ ማዶ ይቀመጣሉ። የእሱን ምግብ እሳቸው ዝርግ ሳህን ላይ አድርገው ከፊቱ ያስቀምጡለታል እንጂ በእጁ አይሰጡትም። ዶሮው ቢሆን፣ ቅቤ የጠጣው ድንች ቢሆን፣ የሞላሰሱ ኬክ ቢሆን የትኛውን ክፍል እንደሚወድ ያውቃሉ፤ ሳይጠይቁት ያንኑ ያደርጉለታል። አንዳንዴ እየበሉ ክፍተቷ ላይ ጨርቁን በጣታቸው ጫን ያደርጉታል፤ ጨርቁ ጎድጎድ ይላል። እኔ የእርጅና ልማድ ይመስለኝ ነበር።

የክፍተቷን ነገር ያወቅሁት አንዱ እንግዳ ብርጭቆውን እዚያ ጨርቅ ላይ አስቀምጦ ሲደፋበት ነው። ልጠርግ ጨርቁን ስገልጥ አየኋት። ወደ ከተማ ስንመለስ ቤኑኤልን ጠየቅሁት። ሁለት ገበታ ነው አለኝ፣ ስለዚህ ሕጉ አልተጣሰም። ይህን የነገረኝ ፊቱ እየበራ ነበር። እኔ ግን ተናደድሁ። ከኦሃዮ የመጣ፣ በምንም የማያምን ሰውዬ ከእሳቸው ጋር ባንድ ገበታ ድንች ሲያላምጥ፣ የወለዱት ልጅ በሦስት ጣት ይገፋል? ይህ ምን የሚሉት ጭካኔ ነው እያልሁ ሳምንቱን ሙሉ ስብሰከሰክ ሰነበትሁ። እኔ እናቴን የቀበርሁት እንደተኳረፍን ነው። የገዛ ቁስሌ እያሳከከኝ የሰው ቁስል ላይ እጄን ሰደድሁ።

መስከረም ላይ አንድ ረቡዕ ነው። እማማ ላቪና በጋውን ሙሉ ሲያስላቸው ከርሞ ከስተዋል። ሰማንያ አንድ ዓመታቸው ነው። እንግዶቹ ግቢ ውስጥ በቅሎዎቹን ሲያዩ እኔ ዕቃ ላቀርብ ቀድሜ ገባሁ። ክፍሉ ውስጥ ማንም የለም። ትንሿን ጠረጴዛ በዳሌዬ ገፋ አደረግኋት። አልከበደችም። እንጨት ከእንጨት ሲገጥም ድምፅ እንኳ አላሰማም። ጨርቁን በመዳፌ ዳበስሁት፤ ለጥ አለ። በዕድሜዬ አንድ ደግ ነገር ሠራሁ ብዬ ደስ እያለኝ ሹካ ደረደርሁ።

አላዋቂ ሳሚ ንፍጥ ይለቀልቃል የሚባለው ለእኔ ነው።

ሁሉም ተቀመጠ። አንገት ተደፍቶ በዝምታ ተጸለየ። መብላት ተጀመረ። ቤኑኤል ሁለቴ ጎረሰና ሹካውን አስቀመጠ። ጨርቁን አየ፤ ቀጥሎ እኔን አየኝ። እንዲያ ሆኖ አይቼው አላውቅም፤ ፊቱ አመድ መስሏል። ትንሿን ጠረጴዛ ወደ ራሱ ሊስባት እጁን ወደ ሥር ሰደደ። በዚያው ቅጽበት እማማ ላቪና እንደ ልማዳቸው ጣታቸውን ጨርቁ ላይ ጫን አደረጉ። አልጎደጎደም። ደግመው ጫኑ። ከሥሩ ያገኙት እንጨት ነው።

አልደነገጡም። እጃቸውን እዚያው እንደተዉ ልጃቸውን ቀና ብለው አዩት፤ ረጅም ጊዜ አዩት። ኢላም በማሰሮ ውሃ ይዞ በር ላይ ደርሷል። እንግዶቹ ኬኩን ያወድሳሉ።

"ኢላም" አሉ እማማ ላቪና፣ "ከወንድምህ ጋር ባንድ ገበታ በላሁ።"

ድምፃቸው የተናዛዥ ድምፅ ነው። ከንፈራቸው ላይ የነበረውን ነገር ግን እኔ እስከ ዛሬ ፈገግታ ነው እላለሁ። ወዲያው ሳህናቸውን ይዘው ተነሡና ወደ ማድቤት ገቡ። ኢላም ማሰሮውን አስቀምጦ ወጣ። እኔ ነኝ የገፋሁት ብዬ ተከትዬው ሄድሁ፤ እናትየው ምንም አላጠፉም አልሁት። ሰማኝ፤ በአክብሮት ሰማኝ። "እናቴ ነገር መሸሸግ አታውቅም" ብቻ አለኝ። ሳያዩ ያደረጉት ነው ብዬ ብማልለትስ ምን ሊፈይድ፣ በልቻለሁ ካሉ በልተዋል።

ከዚያ በሁለተኛው እሑድ ጉባኤው በተሰበሰበበት ቤት ወለል ላይ፣ በዚያ በታመመ ጉልበታቸው ተንበረከኩ። ወሬውን ያመጣልን ገበያ ላይ ማር የምትሸጥ ጎረቤታቸው ናት። የእኔን ስም አልጠሩም፤ የልጃቸውንም አልጠሩም። ያሉት "ከሚገባኝ በላይ ተጠጋሁ" ብቻ ነው። ምሕረት ተደረገላቸው። የእንግዳው ምሳ ግን ቀረ። መሥሪያ ቤታችን ሌላ ቤት ፈለገ፤ እዚያ ደግሞ ቤኑኤል እንደ ማንኛውም ሹፌር መኪናው ውስጥ ሳንድዊቹን ይበላል።

ይቅርታ የጠየቅሁት መኪና ማቆሚያው ላይ ነው። ቢሰድበኝ በወደድሁ።

"አንቺ ያየሽው ክፍተት ነው" አለኝ። "እናቴ ግን ያቺን ጠረጴዛ ሦስት ዓመት ሙሉ ነው የጎተተቻት፤ ሰው እንዳያይባት በየወሩ ስንዝር ስንዝር። እሷ እዚያ ድረስ መጣችልኝ። ከዚያ ወዲያ መንገድ አልነበራትም።"

"የቀረውን አንተ ሂድላት እንግዲህ" አልሁት። አሁንም አፌ አላረፈም።

ጥቅምትን በሙሉ ቤኑኤል በዚያ እርሻ ደጃፍ ስናልፍ መኪናዋን ያዘገያታል፤ ግን አያቆምም። አንዴ እማማ ላቪና ልብስ ሲያሰጡ አየናቸው፤ እሳቸውም መኪናዋን አውቀዋት የያዙትን እርጥብ አንሶላ እንደያዙ ቆሙ። ቤኑኤል ጥሩምባ እንኳ አልነፋም። "ይበርዳታል፣ ትግባ" አለ ለብቻው። የሥራው ወራት ሲያልቅ የመንበርከኩን ነገር እንደሚያስብበት ነገረኝ። ምን እንደሚያስብ አልጠየቅሁም፤ በአንድ በኩል የሞተች ሚስት፣ በሌላ በኩል የምትሞት እናት ይዞ ሰው ምን ያስባል?

ጠዋት ጠዋት እኔ ደወሉ ጋ እቆማለሁ። አንዱ እንግዳ ይህን ስንጥቅ ለምን በይደው አይገጥሙትም ብሎ ሲጠይቀኝ ሌላ ጊዜ እስቅበት ነበር። አሁን እንግዶቹን ቶሎ ወደሚቀጥለው አሳልፋለሁ። ሳይነኩ ማየትን ለሰው ሁሉ ሳስተምር ኖሬ እኔው አልተማርሁም።

ጥር ላይ ኢላም መንገድ ዳር ካለችው የስልክ ዳስ ደውሎ ለቤኑኤል መልእክት ተወለት። እናታችን አርፋለች፤ ቀብሩ ሐሙስ ነው፤ ና ይላል። ምን ጊዜ እንደምትንበረከክ ንገረኝ አይልም።

በቤኑኤል መኪና ሄድንና አስፋልቱ ዳር አቁመን በበረዶው ላይ በእግራችን ገባን። ሬሳ ሣጥኑን ፈረስ የሚጎትተው ጋሪ ወሰደው። ቤኑኤል ከቤተሰቡ ኋላ፣ አሥር እርምጃ ያህል ርቆ ቆመ። አላለቀሰም፤ ባርኔጣውን አውልቆ ጆሮው በብርድ እስኪቀላ ቆመ። እኔ ግን አለቀስሁ፤ ማንን እንደማለቅስ በውል ሳላውቅ።

ከቀብር መልስ ሰዉ የሚበላው በኢላም ቤት ነው። ሴቶቹን ላግዝ ቀደም ብዬ ገባሁ። ገበታዎቹ በረጅሙ ተገጣጥመው ተደርድረዋል። ለቤኑኤል የተዘጋጀችው ያቺው ትንሽ ጠረጴዛ ናት፤ ከግድግዳው ጥግ፣ ባዶዋን ቆማለች። ኢላም አግዳሚ ወንበር እያስተካከለ ነበር። አጠገቡ ሄድሁ። በዚያ ቤት ውስጥ አንድ ነገር ከመንካቴ በፊት ስጠይቅ ያን ጊዜ የመጀመሪያዬ ነው።

"እማማ በሚያደርጉት ልክ ላድርገው?" አልሁት።

ኢላም መሬት መሬት አየ። ከዚያ የጠረጴዛዋን አንድ ጫፍ ያዘ። እኔ ሌላውን ያዝሁ። ወደ ረጅሙ ገበታ ጫፍ አመጣናት። ሦስት ጣቴን መሐል አስገብቼ ለካሁ። እሱም በተራው የራሱን አስገባ፤ እርሻ ያወፈረው ጣት አልገባ ስላለው ጠረጴዛዋን በትንሹ ወደ ኋላ ሳብ አደረጋት። ከዚያ ሄዶ ከእናቱ የልብስ ሣጥን ውስጥ ያንን ረጅም ነጭ ጨርቅ አመጣ። ሁለታችን ወዲያና ወዲህ ይዘን ዘረጋነው።

ቤኑኤል ሲገባ ጨርቁን አይቶ ቆመ። መጀመሪያ ወደ እኔ ነው የተመለከተው፤ ፈርቶኛል፤ መፍራቱም አይፈረድበትም። ቀስ ብሎ መጣና ሳይቀመጥ ጣቱን ጨርቁ ላይ ጫን አደረገ።

ጨርቁ ጎድጎድ አለ። ያን ጊዜ ተቀመጠ። ከማዶ፣ በእናቱ ቦታ ማንም አልተቀመጠም፤ ሴቶቹ ግን ሳህን አስቀምጠውበት ነበር። ሁሉም አንገቱን ደፍቶ በዝምታ ጸለየ፤ ከዚያ በላ።