የሰው አገር ጎርፍ

ወንድሜን አገር የሚያውቀው በሦስት ሙያ ነው። መጀመሪያ የዘፈን ግጥም ደራሲ ነበር፤ ቀጥሎ ጋዜጠኛ ሆነ፤ በመጨረሻ ፊልም አንሺ። ሰዎች ስለ እሱ ሲጠይቁኝ እንዴት ከአንዱ ወደ ሌላው እንደ ዘለለ ማወቅ ይፈልጋሉ። ዘለለ የሚለው ቃል ልክ አይደለም። ሦስቱም ሙያዎቹ የተያያዙት በአንድ ለቅሶ ነው፤ ለቅሶው ደግሞ አክስታችን ያለቀሰችው ነው።

አክስታችን የእናታችን ታላቅ ነበረች። እናታችን ስትሞት ሁለታችንንም ወስዳ ከአንድ ልጇ ጋር ቆቦ ያሳደገችን እሷ ናት። «እቴቴ» ነበር የምንላት። ከጎብዬ እስከ ዋጃ ሰው ሲሞት፣ ሙሾ የሚያወርድ ሲፈለግ የሚላከው ወደ እሷ ነው። ተጠርታ ስትሄድ ዝም ብላ አትጀምርም። ሟቹ ምን ይዘራ እንደ ነበር፣ በሬውን ለማን ያውስ እንደ ነበር፣ ሲስቅ እንዴት እንደሚስቅ አንድ በአንድ ትጠይቃለች። «ያልነበረውን አልልለትም፤ ሬሳ ይታዘባል» ትል ነበር። እኔ በቃል ላይ ያለብኝን ችክ ማለት ትምህርት ቤት ያመጣብኝ የሚመስላቸው አሉ። ትምህርት ቤት ከመግባቴ በፊት ነው የያዘኝ።

ልጇ የሞተው ከሮቢት ገበያ ሲመለስ፣ ጎሊናን ሲሻገር ነው። የእኛን አገር ወንዝ ለማያውቅ ይህ ነገር ይከብደዋል። እኛ ዘንድ ጠብ አላለም፤ ሰማዩ ጥርት ያለ ነበር። ዝናቡ የዘነበው ደጋ ላይ ነው። ሰው በደረቀው ወንዝ አሸዋ ላይ እያወራ ሲሻገር ከላይ በኩል ድምፅ ይሰማል፤ ድምፁን ሰምቶ ቀና ሲል ውሃው ደርሷል። እቴቴ ለልጇ እንዲህ ብላ አለቀሰች፦

ዝናቡም ሳይዘንብ ደመናም ሳይመጣ፣
የሰው አገር ጎርፍ ልጄን ይዞት ወጣ።

አሸዋው ደረቀ ሰው ተሻገረበት፣
የኔ ልጅ ብቻ ነው መንገድ የመሸበት።

ለቅሶው ላይ የነበሩ ወንዶች እንኳ ፊታቸውን ወደ ግድግዳ አዞሩ።

ወንድሜ ያኔ አዲስ አበባ ነበር። ትምህርቱን አቋርጦ ለአንድ የሙዚቃ ጓድ ግጥም ይጽፋል ይባል ነበር። ለቀብር አልደረሰም፤ የመጣው ለአርባው ነው። በእኛ ዘንድ ከቀብር የቀረ ዘመድ ዝም ብሎ ቤት አይገባም። ከመንደሩ ጫፍ ጀምሮ ጋቢውን ወገቡ ላይ አስሮ፣ እየጮኸ፣ ደረቱን እየደቃ ነው የሚመጣው። እርሙን ያወጣል እንላለን። ያላወጣ ሰው እርሙ ውስጡ ይቀመጣል፤ ቤቱም ውስጥ ይቀመጣል። ወንድሜ ከአውቶቡስ ወርዶ፣ ሻንጣውን አንጠልጥሎ፣ ቀስ ብሎ ገባና የእቴቴን ጉልበት ሳመ። ሰው እርስ በርሱ ተያየ።

«ከተማ ለምዶ ነው፤ ድምፁን አፍሮት ነው» አለች እቴቴ ለጎረቤቶቹ። «ሲያድር ያወጣዋል።»

በማግስቱ አጠገቧ ተቀምጦ በቀብሩ ዕለት ያለችውን እንድትነግረው ለመናት። ሊያለቅስ ነው ብላ ደስ አላት። ጉልበቷን እየመታች፣ አንዳንዱን እየደገመች ሁሉንም ሰጠችው። እኔ በሩ አጠገብ ማሽላ እለቅም ነበር። ዓይኑ ደረቅ ነው። ጣቶቹ ግን ጭኑ ላይ አንድ፣ ሁለት፣ አንድ፣ ሁለት ይሉ ነበር።

ሳያለቅስ ሄደ።

ትምህርት ቤት የገባሁት ከዚያ በኋላ ነው፤ ከባሌ ቤት ተመልሼ፣ ለአቅመ ሔዋን ከደረስኩ ብዙ ቆይቼ። ከሕፃናት ጋር አንድ አግዳሚ ላይ ተቀመጥኩ። «እትዬ፣ አንቺ የማን እናት ነሽ?» ብለው ይስቁብኝ ነበር። አንድ ቀን ከትምህርት ቤት ስመለስ፣ አውቶቡስ የሚቆምበት መንገድ ዳር ካለው መጠጥ ቤት ራዲዮ ይጮኻል። ፈጣን ምት ነው፤ ከኋላው ሳክስፎን አለበት። የሹፌሩ ረዳት አውቶቡሱን ተደግፎ ትከሻውን ይሰብቃል። ዘፋኙ «የሰው አገር ጎርፍ ውዴን ይዞት ወጣ» አለ። ቆምኩ። ሁለተኛው ቤትም መጣ፤ እዚያም ላይ «የኔ ልጅ» የሚለው «የኔ ውድ» ተብሏል። የቀረው ሁሉ የእቴቴ ነው፤ ትንፋሽ የምትወስድበት ቦታ ሳይቀር የእሷ ነው።

ለእቴቴ አልነገርኳትም። እሷ የሰማችው ሠርግ ቤት ነው። ልጃገረዶቹ ከበሮ ይዘው፣ እያጨበጨቡ ሲያወርዱት ጠላ እያሳለፈች ነበር። አጠገቧ ያለችውን ልጅ «ይህን ማን አወረደው?» ብላ ጠየቀቻት።

«እትዬ! የእርስዎ ልጅ አይደለም እንዴ የደረሰው?» አለች ልጅቱ በደስታ። «አዲስ አበባ በእሱ ነው የሚጨፈረው! ደርሶልዎታል እኮ፣ ምነው እልል አይሉም?»

እቴቴ ማንቆርቆሪያውን መሬት አስቀመጠች። ነጠላዋን አስተካከለችና ወደ ቤት ሄደች። ተከትያት ስገባ መደቡ ላይ ተቀምጣለች። አልተቆጣችም። «እርሙን ሳያወጣ ዘፈነው» አለች።

ከዚያ ቀን ጀምሮ ሙሾ አላወረደችም። ለሚልክባት ሁሉ አንድ መልስ ነበር የምትሰጠው፤ «ቃሌ የጨፋሪ ሆኗል። ሬሳ ፊት አልጨፍርም።» ለቅሶ ትሄዳለች፤ ከሰው ኋላ ተቀምጣ አፏን በነጠላዋ ትይዛለች። እኔም ማታ ማታ ስታንጎራጉር እሰማት የነበረውን ድምፅ ከቤታችን አጣሁት። ቤቱ ሰፋብኝ።

ቀጥሎ ክፉው ቀን መጣ። በልጉም ክረምቱም ቀረ፤ ማሽላው ቁመት ሳያወጣ ነደደ። ከቆላው የመጣ ሰው መንገዱ ዳር ይወድቅ ጀመር። ሰው በየቀኑ ይቀበራል፣ የሚያለቅስለት የለም። አንዲት ሙስሊም ጎረቤታችን፣ ባሏን በቀበረች በሳምንቱ መጥታ እቴቴ ፊት ተቀመጠች።

«አላህ ያጥናሽ ብለሽኛል፤ አሚን» አለቻት። «ግን እቴ፣ አንቺ ዝም ብትይ ሞት ዝም የሚል መሰለሽ?»

እቴቴ እጇን ይዛት ቆየች።

ወንድሜ በዚያ ዓመት ጋዜጠኛ ሆኖ መጣ። ከሙዚቃ ጓዱ ተጣልቶ ነበር፤ ዘፋኙ ግጥሞቹን የራሴ ናቸው እያለ አስቸግሮት ነው። በእግሩ ከዋጃ እስከ ሮቢት ሄደ። ሲመለስ ከንፈሩ ተሰነጣጥቆ፣ የሚበላውን እየገፋ ነበር። አሁን ያለቅሳል ብዬ ጠበቅሁ። «እጽፈዋለሁ» ብሎ ተነሣ።

ጋዜጣው ሲደርሰን ደጃፍ ላይ ተቀምጬ ለእቴቴ አነበብኩላት። «በራያ ቆላ ዝናቡ ጥቂት የዘገየ ቢሆንም ገበሬው በመልካም ተስፋ ላይ ይገኛል» ይላል።

«ድገሚው» አለች። ደገምኩት።

«ይህን የጻፈው ሰው ቆቦ መጥቶ ነበር?»

«እቴቴ፣ ወንድሜ እኮ ነው። አይተሽዋል።»

«እንግዲያው በዓይኑ ባየውም ዘፈነበት።»

በኋላ ሳገኘው ጠየቅሁት። የጻፈው ሌላ ነበር፤ ከእሱ በላይ ያሉት ናቸው የለወጡት። ፊቱ ደም መስሎ ነበር። «ቃሌን ወስዶ፣ አንድ ሁለት ነገር ቀያይሮ፣ የማላውቀው ነገር አድርጎ ሲያወጣብኝ…» አለና አቆመ። እኔን አየኝ። እኔም አየሁት። ዓረፍተ ነገሩን አልጨረሰውም።

ጋዜጣውን ትቶ ወደ ፊልም የሄደው ከዚያ በኋላ ነው። ቃል ይለወጣል፣ ምስል ግን አይለወጥም ይል ጀመር። «ይቆረጣል እኮ» አልኩት። ሳቀ፤ አልወደደውም ግን።

ዝናቡ ተመልሶ፣ ማሽላው እሸት በያዘበት ወቅት ካሜራውን በሣጥን አድርጎ መጣ። የራያን ኑሮ የሚያሳይ ፊልም ሊያነሣ ነው። ከሁሉ በላይ የፈለገው እቴቴ ጎሊና አሸዋ ላይ ቆማ ሙሾውን እንደ ነበረ፣ «ልጄን» ብላ እንድትለው ነው።

«እቴቴ፣ አገሩ ሁሉ ትክክለኛውን ይስማው» አላት ተንበርክኮ። «ያንን ዘፈን የሚያጠፋው ይህ ብቻ ነው።»

«አገሩ ይስማልኝ ብዬ አላለቀስኩም።»

«ታዲያ ምን ላድርግ? በየቤቱ ሸክላው አለ፤ ዞሬ አልሰበስበው!»

«ዘፈኑን ማን ጠየቀህ። እርምህን አውጣ።»

«ከዚህ ሁሉ ዓመት በኋላ?» አለ እያፈረ። «ሰው ምን ይለኛል?»

«አሁን ሰው ምን የሚልህ ይመስልሃል?» አለችና ዕቃዋን ልታነሣ ሄደች።

በማግስቱ ጠዋት በሮቢት መንገድ በኩል ጩኸት ሰማን። የወንድ ጩኸት ነው፤ ወፍራም፣ ያልተለማመደ። ሴቶች ከየቤቱ ወጡ። «ማን ሞተ? ማን ሞተ?» ይባባላሉ። ወንድሜ የከተማ ሱሪውን እንደ ለበሰ፣ ጋቢ ወገቡ ላይ አስሮ፣ ደረቱን እየመታ ይመጣል። አንዳንዱ እቴቴ የሞተች መስሎት አብሮ እየጮኸ መጣ። ደጃፋችን ላይ ተቀምጣ ሲያዩአት ደነገጡ።

«ምን ጉድ ነው፣ ደህና አይደሉም እንዴ?» አለ አንድ ጎረቤት ሽማግሌ።

«ደህና ነኝ። ለልጄ ነው የመጣው» አለች እቴቴ።

«ለዚያኛው? ለጎርፉ?» ሽማግሌው ባርኔጣውን አወለቀ። «እንግዲህ መንገዱ ሩቅ ነበር እንበል» አለና መቀመጫ ፈልጎ ተቀመጠ።

ወንድሜ እቴቴ ፊት ቆመ። ሕዝብ ከቦታል። «ዝናቡም ሳይዘንብ…» ብሎ ጀመረ። ሁለተኛው ስንኝ ላይ ሳያስበው ዜማው አመለጠው፤ የዘፈኑ ዜማ መጣ። ከኋላ አንዲት ልጃገረድ አፏን ይዛ ሳቀች። ወንድሜ አቆመ። አገር የሚጨፍርበትን ስንኝ የደረሰ ሰው የሚለው ጠፋው። እቴቴ ዓይኗን ከእሱ አላነሣችም።

«ጫማህን» አለ ቀስ ብሎ። ቀጥሎ ጮኸ፤ «ጫማህን አድርጌ ሄድኩ እኮ! ከተማ እንዳታፍር ብለህ አውልቀህ ሰጠኸኝ። በጫማህ ሄድኩ፣ ወንድሜ! በጫማህ ሄጄ ቀረሁ!»

ይህን እኔ አላውቅም ነበር። እቴቴ ታውቅ እንደ ነበር ከፊቷ አየሁ። ቤት አይመታም፣ ዜማ የለውም፤ የነበረ ነገር ግን ነው። መሬት ላይ ወደቀ፤ ያነሣው የለም፤ አይነሣም እንዲህ ባለ ጊዜ። ያኔ እቴቴ ነጠላዋን ከአፏ አወረደች።

ተነሥና እየው ወንድምህ መጣልህ፣
ጎርፍ ይዞት ቆይቶ ዛሬ ለቀቀልህ።

ድምፁ ተዘግቶ እንደ ቆየ በር ሲጢጥ እያለ ነው የወጣው። ሴቶቹ ተቀበሏት። በልጇ ብቻ አላቆመችም። በክፉው ዓመት ዝም ብለው የተቀበሩትን፣ የሙስሊሟን ጎረቤታችንን ባል ጭምር፣ አንድ በአንድ እየጠራች፣ የዘራውን ዘራ፣ የሳቀውን ሳቀ እያለች ፀሐይ አናታችን ላይ እስክትወጣ አለቀሰችላቸው። ካሜራው ከሣጥኑ አልወጣም። ወንድሜ እንዳያነሣው የከለከለው ሰው አልነበረም።

ከዚያ በኋላ እቴቴ በተጠራችበት ሁሉ ሄዳ ሙሾ ታወርድ ነበር። የመጀመሪያዎቹን የልጇን ስንኞች ግን አንድም ቀን አልደገመቻቸውም። አንዴ ጠየቅኋት። «እነሱን ወንዝ ወስዷቸዋል» አለችኝ።

ፊልሙን ያየሁት ደሴ ነው፤ ለአስተማሪነት ስሠለጥን፣ በአንድ አዳራሽ፣ ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ። ወንድሜ ሙሾ የሚገባበትን ቦታ ባዶ ትቶታል። ጎሊና ይታያል፤ አሸዋው ደርቋል፤ ገበያተኛው አህያውን እየነዳ ይሻገራል። ምንም ድምፅ የለም። ይህን ዝምታ ለእቴቴ እንደ ተወላት አውቄ ዓይኔ እንባ ሞላ።

ከኋላዬ አንድ ወጣት ወንዙን ሲያይ ያንን ዘፈን ማንጎራጎር ጀመረ። የመቀመጫዬን ጀርባ በጣቶቹ አንድ፣ ሁለት፣ አንድ፣ ሁለት ይመታል። «ውዴን ይዞት ወጣ» አለ።

የማላውቀውን ሰው የማላናግር ሴት ነኝ። ዞር አልኩ። «ውዴን አይደለም» አልኩት፤ «ልጄን ነው።»

ልጁ ሥነ ሥርዓት ያለው ነበር፤ ጣቶቹን ሰበሰበ። «አይ እትዬ» አለኝ ፈገግ ብሎ፣ «ዘፈኑን በደንብ አያውቁትም ማለት ነው።»

ወደ ፊልሙ ስመለስ ወንዙ አልፎ የማሽላ ማሳ መጥቷል።