የአያ ሰይድ ከብት መያዣና የእኔ አንገት

ባለፈው ቅዳሜ ረፋድ ላይ፣ እዚሁ ከሚሴ፣ አንድ ብየዳ ቤት ጓሮ ውስጥ አንገቴ በሁለት ፌሮ መሃል ተይዞ ቆሜ ነበር... ወላሂ እየቀለድኩ አይደለም።

አያ ሰይድ በያጅ ነው፣ ጎረቤቴ ነው። እኔ የፊዚክስ መምህር ነኝ፤ ሰፈራችን ውስጥ ማመልከቻ የሚያጽፍ ሰው ሁሉ ወደ እኔ ነው የሚመጣው። አያ ሰይድ ከጥቂት ዓመት በፊት ማሽላ የሚፈለፍል ማሽን ሠርቶ ነበር። ያየው ሁሉ ቀዳበት። አንድ ቀን ባቲ ገበያ ሄዶ የራሱን ማሽን የማያውቀው ሰው ሲሸጠው አገኘ። ዋጋ ጠይቆ ተመለሰ።

ዘንድሮ ደግሞ ለክትባት ከብት የሚይዝ ነገር ሠራ። ላሟ በግራና ቀኝ አግዳሚ መሃል ትገባለች፣ ደረቷ አንዲት የብረት ሳንቃ ጋ ይደርሳል፣ ሁለት ቋሚ ፌሮዎች አንገቷን ይይዛሉ፣ ሐኪሙ ሳይረገጥ መርፌውን ይወጋል። «ሰንበቴ ገበያ ከማውጣቴ በፊት ወረቀቱን ጨርስልኝ» አለኝ። ወረቀት የሚለው ፓተንቱን ነው።

ጻፍኩለት። ሁለት ገጽ ሙሉ አሞገስኩት... ጉልበት ይቆጥባል፣ ለአርሶ አደሩ ይጠቅማል፣ ምናምን። አዲስ አበባ ፈጠራ የሚመዘግበው መሥሪያ ቤት ደውዬ ሳነብላት፣ ስልኩን ያነሳችው ልጅ በትዕግሥት ሰማችኝና፣

«መምህር፣ ጥቅሙ ብቻ አይበቃም። ከዚህ በፊት ከነበረው በምን ይለያል? አዲሱ ነገር የቱ ነው? ደግሞ ሙያው ያለው ሰው አንብቦ ሊሠራው በሚችልበት መንገድ ከነሥዕሉ ይጻፉት» አለችኝ።

ይሄን ለአያ ሰይድ ስነግረው ፊቱ ተለዋወጠ።

«አንብቦ ሊሠራው? ለሌባ ቁልፍ ስጥ በለኛ!»

«አይደለም አያ ሰይድ። አንተ ሚስጥሩን ጽፈህ ትሰጣለህ፣ እነሱ ደግሞ ከፈቀዱልህ ለተወሰነ ዓመት ማንም ያላንተ ፈቃድ እንዳይሠራው ይከለክሉልሃል። አሁን አዲሱ ነገር ምን እንደሆነ ንገረኝ።»

«ይኸው! ይይዛል!»

«ገመድም እኮ ይይዛል።»

ተናደደ። ጓንቱን ወርውሮ፣ «መምህር፣ ካልገባህ ግባበት!» አለኝ።

ገባሁ...

ከኋላዬ ማገጃውን ጣለው። ፌሮዎቹ ከግራና ከቀኝ መጥተው አንገቴን ያዙ። «በቃ ገባኝ፣ ልቀቀኝ» አልኩ። መፍቻውን ፒን ቢስብ፣ ቢደበድብ፣ ፒኑ ጠሞ ኖሮ እምቢ አለ። ግራይንደሩን አንስቶ ሊሰካ ሲል መብራት ጠፋ።

«አብሽር! ከታች ካለው ብየዳ ቤት የብረት መጋዝ ይዤ መጣሁ» ብሎኝ ሮጠ።

ብቻዬን ቀረሁ። እጆቼ ከአግዳሚው በታች ተጣብቀዋል። ኪሴ ውስጥ ስልኬ ይጮሃል፣ አልደርስበትም። ዝንብ አፍንጫዬ ላይ አረፈ፣ አላባርረውም። ልጩህ ብል በአጥሩ ማዶ የሚያልፉት ተማሪዎቼ ናቸው... ትንሽ ልፍታታ ብዬ ወደኋላ ሳብ አልኩ። ጠበቀ። ደንግጬ ይበልጥ ሳብኩ። ይበልጥ ጠበቀ። ምራቄን መዋጥ ሲያቅተኝ የተማሪውም ነገር ከሐሳቤ ጠፋ። ልጮህ ብሞክር ድምፄ አልወጣም። የመጨረሻዋን ቃል፣ ሸሃዳዬን ልይዝ ምንም አልቀረኝም።

«አሰላሙ አለይኩም» የሚል ድምፅ ሰማሁ። እማማ ፋጡማ ናቸው፣ የታችኛው ቤት ጎረቤታችን፤ የበር ማጠፊያቸውን ሊወስዱ መጥተው ነው።

«ያ ረቢ! መምህር? አትጎትት! ወደኋላ አትጎትት!» ብለው ሮጠው መጡ። «ባለፈው የኔኑ ላም አስገብቶ ሲሞክር እሷም እንዲህ ስትስብ ጠበቀባት። ፉልዱራ ዴሚ፣ ወደፊት ሂድ! ደረትህ ጋ ያለችውን ሳንቃ ግፋት!»

ወደፊት? እያነቀኝ ያለው ብረት ውስጥ ጨምሬ ልግባ? ሰውነቴ አሻፈረኝ አለ።

«ዴሚ፣ ኢልማ ኮ!» አሉኝ፣ በኦሮምኛ ልጄ ሂድ እንደማለት፤ እጃቸውን ጀርባዬ ላይ አድርገው።

ዓይኔን ጨፍኜ በደረቴ ገፋሁ። ፌሮዎቹ ላላ አሉ። አየር ገባ... የላም ጭንቅላት የማያሳልፍ ክፍተት ነው፤ እኔ ግን ሁለት ጆሮዬን ልጬ ጭንቅላቴን አወጣሁና በአግዳሚው ሥር ሾልኬ ወጣሁ።

አያ ሰይድ መጋዙን ይዞ እያለከለከ ደረሰ። እንዴት እንደወጣሁ ስነግረው አፈረ።

«አንተም አየሃት? የመያዣው ጉድለት እሷ ነች። ሳንቃዋ ስትገፋ ፌሮው ይላላብኛል። ገበያ ሳይወጣ፣ እንዳትንቀሳቀስ በብየዳ ላደርቃት ነው።»

«እንዳትነካት!» ብዬ ጮህኩበት። «አያ ሰይድ፣ አዲሱ ነገር እሷ ነች! የሚታገለውን ትይዘዋለች፣ ለተረጋው ትላላለታለች፣ ግን አታስመልጥም። ገመድ ይሄን ያውቃል?»

«ገመድ ይሄን ቢያውቅማ ጥጃዬ ታንቃ ባልሞተች» አሉ እማማ ፋጡማ ቀስ ብለው።

አያ ሰይድ መጋዙን አስቀመጠ። ሳንቃዋ ፊት ቁጢጥ ብሎ በእጁ ገፋት፣ ለቀቃት፣ ደግሞ ገፋት። ከዚያ ጠመኔ አንስቶ ላሜራ ላይ ይሥል ጀመር። እኔ እየጠየቅኩ፣ እሱ እየሣለ፣ ዙሁር ሳይደርስ ጨረስነው። ሙገሳው ወጥቶ አንድ ገጽ ከግማሽ ሆነ።

ሰኞ ላክነው። የአዲስ አበባዋ ልጅም ደውላ፣ «አሁን ምን እንደሆነ ገብቶናል፣ ይመረመራል» አለች። ይፍቀዱ አይፍቀዱ ገና አናውቅም፤ ኢንሻአላህ ነው።

ቅባት ልገዛ ፋርማሲ ስገባ ግን ባለሙያው አንገቴን አይቶ ደነገጠ። «መምህር፣ ማን ነው እንዲህ ያደረገህ?»

«ቅጽ ስሞላ ነው» አልኩት።