ከፊልሙ የወጣው ትንፋሽ

ቅዳሜ፣ እ.ኤ.አ. ኖቬምበር 18 ቀን 2023 ቱየት የጀመረችው እርማት አላለቀም። ካልጋሪ፣ ዶቨር ሰፈር ባለው ምድር ቤቷ፣ ኮምፒውተሯ ላይ የተቆረጡ ቦታዎችን ከሚያሳዩት አርባ አንድ ምልክቶች አሥራ ስምንቱ ዛሬም ቀይ ናቸው።

ቱየት ሳይጎን ተወልዳ፣ ካልጋሪ ውስጥ ሠላሳ አንድ ዓመት ፊልም ስትቆርጥ የኖረች ሴት ነበረች። ሥራውን የጀመረችው በቬትናሞች የሠርግ ቪዲዮ ነው፤ ከዚያ ወደ ቴሌቪዥን ዜና፣ ኋላም ሥራ ላመጣላት ሁሉ ዶክመንተሪ። የማታውቀውን ቋንቋ ዐይኗን ጨፍና ትሰማለች። «ምን እንደሚሉ ባላውቅም የት እንደሚተነፍሱ አውቃለሁ» ትል ነበር። የትንፋሽ ድምፅ ግን አትወድም፤ አንድ በአንድ ለቅማ ታወጣዋለች።

የዚያ ሳምንት ሥራዋ ጋሼ ባዘዘው ስለሚባሉ ኢትዮጵያዊ ሽማግሌ የተሠራ ፊልም ነበር። ሽማግሌው ያረፉት በጸደይ ነው፤ ከወንድማቸው ከጋሼ የሺጥላ ጋር ሃያ ዓመት ተኳርፈው ኖረዋል። የባዘዘው ልጅ ጽጌሬዳ ስለዚሁ ኩርፊያ አባቷን ካሜራ ፊት ጠይቃቸው ነበር። ጋሼ የሺጥላም መልሱን በጆሯቸው ካልሰሙ ፊልሙ በሚታይበት አዳራሽ ድርሽ እንደማይሉ አስታውቀዋል።

አርብ ከሰዓት ጽጌሬዳ ፊልሙን ልታይ መጣች። «አባዬ፣ ጋሼ የሺጥላን ይቅር ብለሃቸዋል?» የሚለው ጥያቄ ተሰማ። የአባቷ ፊት ታየ። ከዚያ ሌላ ታሪክ ቀጠለ።

«መልሱ የታለ?»

«አልመለሱም። ዝም ነው ያሉት።»

«መልሷል። አጠገቡ ነበርኩ።» ጽጌሬዳ ትንፋሿን አጠር አድርጋ ወደ ውስጥ ሳበች። «ይሄ እኛ ዘንድ አዎ ነው።»

ቱየት እጇን ከማውሱ ላይ አነሳች። እንዲህ ያለውን ትንፋሽ አርባ አንድ ጊዜ ቆርጣ አውጥታለች። ይባስ ብሎ ለቀጣዩ ሥራ ቦታ ለማግኘት ብላ ዋናውን ቅጂ ረቡዕ ዕለት አጥፍታዋለች።

ሌላ ቅጂ ካለ ማርልቦሮ ሰፈር፣ ካሜራማኑ ፋኑኤል ዘንድ ነው። እሱ ደግሞ የሥራ ሺፍት ላይ ነበር፤ ስልክ አያነሳም። የደወለው ቅዳሜ ጠዋት ነው።

«እትዬ ቱየት፣ አይደንግጡ። ቅጂው ያለበት ድራይቭ ከገና መብራቶቹ ጋር ካርቶን ውስጥ ነው። ችግሩ የትኛው ካርቶን እንደሆነ ነው።»

«ስንት ካርቶን አለ?»

«ሚስቴን አያውቋትማ።»

ሰባተኛው ካርቶን ውስጥ ተገኘ። ቱየት ድራይቩን ሄዳ አምጥታ፣ ቅጂውን ወደ ኮምፒውተሯ ገልብጣ መጀመሪያ ያቺን አንዷን ትንፋሽ መለሰች። ከዚያ ላፕቶፗን ይዛ ጋሼ የሺጥላ ወዳሉበት ወደ ኤሪን ውድስ ሰፈር ነዳች።

ሽማግሌው ሳይቀመጡ ሰሙ። «ድገሚው» አሏት። ደገመችው። ለሦስተኛ ጊዜ ሲሰሙት ወንበር ስበው ተቀመጡ፤ ትንፋሻቸውንም ልክ እንደ ወንድማቸው ወደ ውስጥ ሳቡ። ቱየት ትርጉም አልጠየቀችም።

ማታ ሌሎች ሃያ ሁለት ትንፋሾች ጨምራ መለሰች። እሑድ ማለዳ ልቧ ቆሞ አረፈች። ፊልሙ በሳምንቱ አሥራ ስምንት ትንፋሽ እንደጎደለው ታየ፤ ጋሼ የሺጥላ ከፊተኛው ረድፍ ወንበር ላይ ነበሩ።

ከቤት ወጥታ የፈጸመችው የመጨረሻ ጉዳይ ድራይቩን መመለስ ነው። ቅዳሜ ከቀኑ አሥር ሰዓት ከሃያ ላይ ፋኑኤል ቤት ደርሳ አስረከበችው። የተወሳሰቡትን መብራቶች ፈታ ጠቀለለች፤ በሰባቱም ካርቶን ላይ ምን እንዳለበት በትልቁ ጻፈች።