ራዶይካ ያጸዳችው ፋይል

በሌስኮቫትስ ከተማ የምትኖረው ልብስ ሰፊ ራዶይካ ቀሚስ የምትሰፋላትን ሙሽራ ልኬት የያዘው ፕሮግራም «የፈቃድ ቁልፍ የለም» ብሎ አልከፈት ሲላት ለወንድሟ ልጅ ለቬሊቦር ደወለች።

«አክስቴ፣ የቁልፉን ፋይል ነካሽው እንዴ?»

«ኧረ አልነካሁም! አጸዳሁት እንጂ። ድመት የተራመደችበት ይመስል ፊደሉና ቁጥሩ ተዘባርቆ ነበር። የማይነበበውን አጠፋሁለት።»

ቬሊቦር ሳቁ አመለጠው። «እሱ እኮ ነው ቁልፉ! አንድ ፊደል ከጎደለ አይከፍትም።»

ራዶይካ ግራ ገባት። የጓዳዋ ቁልፍ ዝጎ እንኳ ይከፍታል፤ ይሄኛው ቢጸዳ አኮረፈ። የፕሮግራሙ ሻጮች ሌላ ቁልፍ የሚልኩት ሰኞ ነው፤ ሠርጉ ደግሞ ቅዳሜ። ሜትሯን አንገቷ ላይ ጣል አድርጋ ሙሽራዋ ጋ ደወለች።

«ስታና ልጄ፣ ነይ እንደገና ልለካሽ።»

«ምነው፣ ልኬቴ ጠፋ?»

«አልጠፋም» አለች ኮምፒውተሩን በጥርጣሬ እያየች። «እዚሁ ውስጥ አለ። ውጭ የቀረሁት እኔ ነኝ።»