ለሁለት ሰው የተሳልኩት ጃንጥላ

በጣሊያን ጊዜ ሁለት ሰው ነበረኝ። ባሌ አርበኛ ሆኖ በረሃ ወረደ፤ ታናሽ ወንድሜ ደግሞ ቡሬ ካለው ምሽግ ገብቶ ባንዳ ሆነ። ለአንዱ ድል ብጸልይ በሌላው ሞት መፍረዴ ነው። ኧረ ምን ይሻላል!

ቢጨንቀኝ ሚያዝያ ሃያ ሦስት ቀን የደብራችን ጊዮርጊስ ሲነግሥ፣ «ፈረሰኛው፣ ሁለቱንም በሕይወት መልስልኝ፣ ለዓመቱ ጃንጥላ አስገባልሃለሁ» ብዬ ተሳልኩ። ለመገዳደል ለሚፈላለጉ ሰዎች አንድ ሰማዕት ይለመናል? እኔ እንጃ።

ክረምቱ ሊገባ ሲል የባሌና የወንድሜ ወገኖች መንገድ ላይ ተታኮሱ። ወንድሜ ትከሻውን ቆስሎ፣ ከጣሊያን ከድቶ ቤቴ መጣ። የባሌን ግን ሬሳውን በቃሬዛ አመጡልኝ። ባሌ ላይ ማን እንደተኮሰ ወንድሜን አልጠየቅኩትም፣ እሱም አልነገረኝም። ቁስሉን ሳጥብለት «ልጠበው ወይስ ልነቀው?» እላለሁ።

ከጊዮርጊስም ጋር ተጣላሁ። «አንተ ሰባት ዓመት ተሰቃይተህ፣ ሦስት ጊዜ ሞተህ ሦስት ጊዜ ተነሣህ። ለባሌ አንዷን ምነው ነፈግኸው?» አልኩት።

ዓመቱ ዞሮ በዓሉ ደረሰ። ስለቱ ይግባ ወይስ ይቅር? የተመለሰልኝ አንዱ ነው፤ ግማሽ ጃንጥላ አይገባ ነገር! የንስሐ አባቴን ብጠይቃቸው «ልጄ፣ ስለተሰጠሽ አመስግኚ» አሉኝ። አማቴን መጠየቅ ፈራሁ። ልጃቸውን ከቀበሩ ወዲህ ወንድሜ ባለበት ደጅ አያልፉም። ጃንጥላውን ገበያ ወጥቶ ያመጣው ወንድሜ ነው፤ በምን ገዛኸው አላልኩትም።

በእኛ ደብር ስለት የሚያስገባ ሰው የተደረገለትን በሕዝብ ፊት ይናገራል፣ ሴቶቹም በእልልታ ይቀበሉታል። ካህናቱ አሸብሽበው ሲያበቁ ቄሱ «ምን አደረገልሽ?» አሉኝ። ወንድሜ ከኋላዬ ቆሟል፤ አጠገቡ ግን ማንም የለም፣ ሁሉም ሸሽቶታል።

«ወንድሜን መለሰልኝ» አልኩ።

አንዲት ሴት እንኳ እልል አላለችም። ምነው መሬት ተከፍታ በዋጠችኝ! ጃንጥላውን አስረክቤ ልሮጥ ስል ከሴቶቹ መካከል አንድ የሰለለ ድምፅ «እልልል!» አለ። ዞር ብል አማቴ ናቸው። ጥቁር ለብሰው፣ እንባቸው እየወረደ፣ ብቻቸውን እልል ይላሉ።

እልልታቸው ለጊዮርጊስ ይሁን፣ ለወንድሜ ይሁን፣ ለእኔ ይሁን፣ እስከ ዛሬ አልገባኝም። ብቻቸውን እንዳይቀሩ እኔም በእልልታ ተቀበልኳቸው።